ሽንቷን ትሸናለች፣ ልብሷ ግን አይደርቅም
(ስለ ሽንት ቱቦ ችግሮችና በምስል ስለሚደረገው ምርመራ)

በዚህ ወር የጤና ዓምዳችን ብዙ እናቶች አፍረው የማይናገሩትን አንድ ጉዳይ ኢንሻአላህ እንመለከታለን።

እዚህ እንሴኖ በምሠራበት መድኃኒት ቤት አንዲት እናት የ9 ዓመት ልጇን እያስከተለች ትመጣ ነበር። «ሽንቷን አትቆጣጠርም፣ ኢንፌክሽን ነው መሰለኝ፣ ያንኑ ሽሮፕ ስጪኝ» ትለኛለች። ቀድሞ የተጻፈላትን ማዘዣ እያየሁ ሁለት ጊዜ ኮትሪሞክሳዞል ሰጥቻታለሁ። ጥፋቱ የኔ ነው፤ መጀመሪያ ቀን መጠየቅ የነበረብኝን የጠየቅኩት በሦስተኛው ነው። «እህቴ፣ ልጅቷ እንደማንኛውም ልጅ ሄዳ ትሸናለች ወይስ ሽንቱ ሁሉ እየተንጠባጠበ ነው የሚያልቀው?» አልኳት። «ኧረ በደንብ ትሸናለች! ግን ሸንታ ከተመለሰችም በኋላ ልብሷ እርጥብ ነው። ከተወለደች ጀምሮ ደርቃ አታውቅም» አለችኝ። ልጅቷ ከመድረሳ ከቀረች ሁለት ወር አልፏት ነበር። አጠገቧ የሚቀመጡት ልጆች «ትሸቺያለሽ» ብለዋታል። እናቷም ስንፍና መስሏት ገርፋታለች።

ሰነፍ አልነበረችም። አፈጣጠሩ ትንሽ የተለየ ቱቦ ነበራት።

ቱቦው ምንድን ነው?

ኩላሊታችን ያጣራው ሽንት ወደ ፊኛ የሚወርደው በግራና በቀኝ ባሉ ሁለት ቀጫጭን ቱቦዎች ነው። በሕክምናው ቋንቋ ዩሬተር ይባላሉ። በአዋቂ ሰው አንዱ ከ25 እስከ 30 ሳንቲ ሜትር ይረዝማል፣ ውስጡ ግን ከ3 እስከ 4 ሚሊ ሜትር ብቻ ነው የሚሰፋው። ሽንቱ እንደ ቧንቧ ውሃ ዝም ብሎ አይንቆረቆርም። ጉሮሯችን ጉርሻን ወደ ሆድ እንደሚገፋ ሁሉ ቱቦውም እየተኮማተረ በየደቂቃው ጥቂት ጥቂት ወደ ታች ይገፋዋል። ፊኛው ሲሞላ የቱቦው መግቢያ ስለሚጨመቅ ሽንቱ ወደ ኩላሊት አይመለስም። ከፊኛው በታች ደግሞ ሽንታችንን ይዘን እንድንቆይ የሚያደርገን ጡንቻ አለ። ሱብሓነላህ!

ከመቶ ሰው አንድ ያህሉ ግን በአንድ ወገን ካለው ኩላሊቱ ሁለት ቱቦ ወጥቶለት ይወለዳል። አብዛኞቹ ሳያውቁት ዕድሜያቸውን ይኖራሉ። ችግር የሚመጣው ከኩላሊቱ የላይኛው ክፍል የተነሳው ቱቦ ፊኛውን ስቶ ዝቅ ብሎ ሲከፈት ነው። በሴት ልጅ ላይ ከመቆጣጠሪያው ጡንቻ በታች፣ በሽንት መውጫው አጠገብ ወይም በብልቷ ውስጥ ሊከፈት ይችላል። ያን ጊዜ ሌሎቹ ቱቦዎች ፊኛውን ስለሚሞሉት ልጅቷ በወጉ ትሸናለች፤ ያ አንዱ ግን ቀንም ሌሊትም ያንጠባጥባል። በወንዶች ላይ ቱቦው ቦታውን ቢስትም የሚከፈተው ከጡንቻው በላይ ስለሆነ እንዲህ ያለ መንጠባጠብ አያመጣም።

ይህን ሌሊት ብቻ አልጋ ከሚያረጥብ ልጅ ጋር አታምታቱት። እሱ ቀን ደረቅ ነው፤ አብዛኛውም ሲያድግ ይተወዋል። ደርቃ የቆየች ልጅ እንደገና ማርጠብ ከጀመረችም ምክንያቱ ሌላ ነው፤ ኢንፌክሽን ወይም የስኳር በሽታ ሊሆን ስለሚችል ትመርመር።

በምስል እንዴት ይታያል?

ልጅቷ መጀመሪያ አልትራሳውንድ ተነሳች። ውጤቱ «ችግር የለም» የሚል ነበር። እናትየው ወረቀቱን ይዛ መጥታ «ይኸው፣ ስንፍና ነው አላልኩሽም?» አለችኝ። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ቤተሰብ የሚሳሳተው እዚሁ ነውና።

አልትራሳውንድ በድምፅ ሞገድ የሚሠራ፣ ጨረር የሌለው፣ ለነፍሰ ጡርም ለሕፃንም የማይጎዳ ምርመራ ነው። ኩላሊትንና ፊኛን ጥሩ አድርጎ ያሳያል። መካከለኛውን የቱቦ ክፍል ግን የአንጀት አየር ስለሚጋርደው አብዛኛውን ጊዜ አያየውም። ቱቦው ከተዘጋና ኩላሊቱ በሽንት ካበጠ ያብጠቱን ያሳየናል። ቱቦው ሳይዘጋ ዝም ብሎ የሚያንጠባጥብ ከሆነ፣ ያ የኩላሊት ክፍልም ትንሽ ከሆነ፣ ሊያመልጠው ይችላል። ስለዚህ «አልትራሳውንዱ ደህና ነው» ማለት «ቱቦው ደህና ነው» ማለት አይደለም። ወደ አልትራሳውንድ ስትሄዱ ደግሞ ውሃ ጠጥታችሁ፣ ሽንታችሁን ይዛችሁ ሂዱ። የቱቦው የታችኛው ጫፍ የሚታየው ፊኛ ሲሞላ ነው።

ቀጥሎ የሚመጣው አይ.ቪ.ፒ. የሚባለው ነው። አዮዲን ያለበት መድኃኒት በደም ሥር ይሰጥና ኩላሊቱ አጣርቶ ወደ ቱቦው ሲያወርደው በየደቂቃዎቹ ልዩነት ራጅ ይነሳል። ራጅ እ.ኤ.አ. በ1895 ቢገኝም ባዶ ቱቦ በራጅ አይታይም ነበር፤ በደም ሥር በሚሰጥ መድኃኒት ቱቦውን ማሳየት የተቻለው እ.ኤ.አ. በ1929 በርሊን ውስጥ ነው። ዛሬ ይህንኑ ሥራ ሲቲ ስካን ከመድኃኒት ጋር በተሻለ ጥራት ይሠራዋል፤ ጨረሩ ግን ከፍ ያለ ነው። ለልጆች ጨረር የሌለው ኤም.አር.አይ. ቢገኝ ይመረጣል። ሌላም ቀላል ዘዴ አለ፦ ፊኛው ሰማያዊ ቀለም ባለው ውሃ ይሞላና ከታች ጥጥ ይደረጋል። ጥጡ ሰማያዊ ሳይሆን ንጹሕ ሽንት ካረጠበው ሽንቱ ፊኛውን ሳይነካ የሚመጣ ነው ማለት ነው።

የኛዋ ልጅ ወደ አዲስ አበባ ተልካ ነው ሁለተኛው ቱቦ የተገኘላት። ሕክምናው ቀዶ ጥገና ነው። ክፍሉ የሚሠራ ከሆነ ቱቦው ወደ ፊኛው ወይም ወደ ጤነኛው ቱቦ ይዛወራል፤ የማይሠራ ከሆነ ያ ክፍል ይወጣል። እሷ ታክማ ደርቃለች፣ አልሐምዱሊላህ።

እናቶችና የጠጠር ሕመምተኞች

ይኸው ምልክት፣ በወጉ እየሸኑ መንጠባጠብ፣ በእናቶችም ላይ ይታያል። በቀዶ ጥገና ከወለዱ ወይም ማሕፀን ካስወጡ በኋላ ቱቦው ተጎድቶ በብልት በኩል ሽንት ሊወጣ ይችላል። «ከወለድኩ ወዲህ ነው፣ የአላህ ውሳኔ ነው» ብላችሁ አትቀመጡ። እ.ኤ.አ. በ1974 የተመሠረተው የአዲስ አበባ ፊስቱላ ሆስፒታል እንዲህ ያሉ እህቶችን ያለ ክፍያ ሲያክም የኖረ ነው፤ በይርጋለምም ቅርንጫፍ አለው።

ጠጠር ደግሞ ተቃራኒውን ያደርጋል፣ ቱቦውን ይዘጋል። ከ5 ሚሊ ሜትር ያነሰው አብዛኛውን ጊዜ በራሱ ይወርዳል፤ ከ10 በላይ የሆነው ግን እምብዛም አይወርድም። እኛ የምንሸጠው ዳይክሎፌናክ ውጋቱን ያስታግሳል እንጂ ቱቦውን አይከፍትም። ውጋቱ ቆመ ማለትም ጠጠሩ ወረደ ማለት አይደለም፤ ተዘግቶ የሰነበተ ኩላሊት ሳያሳምም ሊሞት ይችላል። ከውጋቱ ጋር ትኩሳትና ብርድ ብርድ ማለት ካለ ሌሊትም ቢሆን ሆስፒታል ሂዱ፣ ማደር የለበትም። አብዛኛው ጠጠር ካልሲየም ስላለበት በተራ ራጅ ሊታይ ይችላል፤ የዩሪክ አሲድ ጠጠር ግን በራጅ አይታይም፣ በሲቲ ስካን ይታያል። በእርግዝና ጊዜ የቀኝ ኩላሊት በመጠኑ ማበጥ የተለመደ ስለሆነ ነፍሰ ጡሮች ውጤቱን ሰምተው አይደንግጡ፤ ሐኪሙ ይለየዋል።

ከምርመራው በፊት የሚነገር

በደም ሥር መድኃኒት የሚሰጥበት ምርመራ ከታዘዘላችሁ እርጉዝ ከሆናችሁ፣ ኩላሊታችሁ ደካማ ከሆነ፣ ቀድሞ እንዲህ ያለ መድኃኒት ተወግታችሁ ሰውነታችሁ ከተቆጣ ወይም ለስኳር ሜትፎርሚን የምትወስዱ ከሆነ ቀድማችሁ ተናገሩ። ክሬቲኒን የሚባለውን የደም ምርመራም አስቀድማችሁ አሠሩ። ምርመራው በረመዳን ከዋለ የታመመ ሰው ጾሙን በሌላ ቀን እንዲያወጣ ተፈቅዶለታልና ውሃ መጠጣትን አትፍሩ። ሴት ባለሙያ ትመርምረኝ ብሎ መጠየቅ አያሳፍርም፤ ከሌለች ግን ምርመራውን ትቶ መመለስ አይገባም።

ስለ ሶላቱም ብዙ እህቶች ይጠይቁኛል። በመድረሳ እንደተማርነው፣ ሽንቱ ያለማቋረጥ የሚፈስበት ሰው ዑዝር አለው። የሶላቱ ወቅት ከገባ በኋላ ታጥቦ፣ በንጹሕ ጨርቅ ጠብቆ፣ ለእያንዳንዱ ፈርድ ዉዱእ አድርጎ ይሰግዳል። ዝርዝሩን ከኡስታዞቻችን ጠይቁ። ልጅቷን ግን ከመስገጃው አታርቋት።

የተነሳችሁትን ፊልምና ወረቀት ደግሞ አትጣሉ። ከቡታጅራ አዲስ አበባ ድረስ ይዛችሁት ሂዱ፤ ሐኪሙ አዲሱን ከአሮጌው ጋር ያስተያያል፣ እናንተም ለሁለተኛ ጊዜ አትከፍሉም።

ወሏሁ አዕለም።