የመድረክ ሙዚቃን በፊልም መሰነድ፤ ከዲ. ኤ. ፔንቤከር የሥራ ዘመን ለአዲስ አበባ ዙሪያ ከተሞች ጥናት የሚገኝ ትምህርት

መግቢያ

የኢትዮጵያ ዘመናዊ ሙዚቃ ጥናት በአመዛኙ የተመሠረተው በድምፅ ቅጂ ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1969 የተቋቋመው አምኃ ሬከርድስ ያሳተማቸው ሸክላዎችና ከ1997 ጀምሮ በፍራንሲስ ፋልሴቶ አዘጋጅነት የወጡት የኢትዮፒክስ አልበሞች ለዚህ ምስክር ናቸው። ሸክላ ዜማን ያቆያል፤ ሙዚቀኞች በመድረክ ላይ እንዴት እንደሚጠባበቁና ታዳሚው እንዴት እንደሚቀበላቸው ግን አያሳይም። ይህ ጽሑፍ ጉድለቱን ለመሙላት የሚረዳ ስልት የሮክ ሙዚቃ መድረኮችን በመቅረጽ ከታወቀው አሜሪካዊ የፊልም ባለሙያ ከዲ. ኤ. ፔንቤከር (1925–2019) ሥራዎች ይፈልጋል።

የሥራው ሂደት

ፔንቤከር በዬል ዩኒቨርሲቲ ምሕንድስና ያጠና ሲሆን፣ ይህ ዕውቀት ለኋላ ሥራው መሠረት ሆኖታል። በ1960 ገደማ ከሮበርት ድሩ ቡድን ጋር ሲሠራ ባለ 16 ሚሊ ሜትር ካሜራ ከድምፅ መቅጃ ጋር ተናቦ በትከሻ ላይ እንዲንቀሳቀስ ለማድረግ በተካሄደው ጥረት ተሳትፏል። ቀራጩ ከቋሚ እግር ተላቅቆ ክስተቱን መከተል የቻለው በዚህ ምክንያት ነው።

ቦብ ዲለን በ1965 በእንግሊዝ ያደረገውን ጉዞ የያዘው «ዶንት ሉክ ባክ» (1967) ከመድረኩ ባልተናነሰ የሆቴል ክፍሎችንና መኪናዎችን ያሳያል፤ ተራኪ ድምፅ የለውም። በሰኔ 1967 የተቀረጸው «ሞንተሬይ ፖፕ» (1968) ግን በበርካታ ካሜራዎች የተሠራ ነው። በፊልሙ መዝጊያ ራቪ ሻንካር ሲታር ሲጫወት ካሜራው ለረዥም ጊዜ በታዳሚዎች ላይ ይቆያል፤ ተጫዋቹ የሚታየው ዘግይቶ ነው። ፔንቤከር ዴቪድ ቦዊን በሐምሌ 3 ቀን 1973 ለንደን ላይ፣ በኋላም ከክሪስ ሄጅደስ ጋር በመሆን ዴፔሽ ሞድን («101»፣ 1989) ቀርጿል። በ2012 የክብር ኦስካር ተሸልሟል።

ትንታኔ

ከእነዚህ ሥራዎች ሁለት ነጥቦች ይወጣሉ። አንደኛ፣ ታዳሚው የመድረኩ አካል እንጂ ጌጥ አይደለም። ሁለተኛ፣ ዘፈኑ ሳይቆራረጥ ሲቀረጽ በተጫዋቾች መካከል ያለው መናበብ ለጥናት ይቀርባል።

በጅማ፣ በአምቦና በጎጃም መውጫዎች የሚገኙት ሰበታ፣ ቡራዩና ሱሉልታ ለዚህ ስልት ተገቢ መስኮች ናቸው። በሰርግና በሆቴል መድረኮች ዘፈን በአማርኛም በአፋን ኦሮሞም ይቀርባል፤ አንድ ባንድ ቋንቋውንና ምቱን ሲቀይር ጭፈራውም አብሮ ይቀየራል። የሰርግ ቪዲዮ ቀራጭ ግን የሚቀጠረው ሙሽሮችን ለመከተል ነው፤ በመሆኑም ባንዱ ከምስሉ ዳር ይቀራል፣ ዘፈኑም በቅንብር ይቆረጣል። እንደ ጃኖ ያለ የሮክ ባንድ በ«ኤርታሌ» (2012) አልበሙ ይታወሳል፤ አልበም የሌላቸው የከተሞቹ ተጫዋቾች ግን ካልተቀረጹ አሻራቸው ይጠፋል።

ማጠቃለያ

ከተሞቹ በ2022 በሸገር ከተማ ሥር ከተዋቀሩ ወዲህ የመሰነዱ ሥራ አጣዳፊ ሆኗል፤ ሰፈር ሲለወጥ መድረኩም ይለወጣልና። ተመራማሪው ከተጫዋቾችና ከደጋሾች ፈቃድ አግኝቶ፣ ድምፁን ለብቻው በጥራት ቀድቶ፣ አንዱን ካሜራ በባንዱ፣ ሌላውን በታዳሚው ላይ አድርጎ ዘፈኑን እስከ ፍጻሜው ቢቀርጽ፣ ሸክላ ያላስቀረውን ለነገ ጥናት ያስቀራል።