ቀበሌና የከተማ ሰው ኑሮ በደርግ ዘመን

ደርግ በ1967 ዓ.ም. ሥልጣን እንደ ያዘና በ1983 ዓ.ም. እንደ ወደቀ በታሪክ ትምህርታችን ተምረናል። ነገር ግን በዚያ ዘመን የከተማ ሰው ጧት ተነሥቶ ማታ እስኪተኛ ድረስ እንዴት ይኖር እንደ ነበረ በደብተራችን ብዙ አልተጻፈም። እኔ የዛሪማ ልጅ ነኝና ከተማን የማውቀው በጥቂቱ ነው፤ ስለዚህ ያን ጊዜ አዲስ አበባ ይኖሩ የነበሩትን አክስቴን ጠይቄ፥ የሰማሁትን ከተማርሁት ጋር አስተያይቼ ይህን አቀርባለሁ።

የነገሩ መነሻ ቀበሌ ነው። ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ሆነ፤ ነዋሪዎቹም በቀበሌ ማኅበር ተደራጁ። ኪራዩ ከ100 ብር በታች የሆነውን ቤት የሚያስተዳድረው ቀበሌ ነበር። ለድኻው ተከራይ ኪራይ ተቀንሶለታል፤ ይህን መካድ አይገባም። በ1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻም ብዙ እናቶችን ፊደል ያስቆጠረው በቀበሌ በኩል ነው።

ዳሩ ግን ያው ቀበሌ ስኳርና ሳሙና በካርድ ያድላል፤ መታወቂያ ይሰጣል፤ ለመንገደኛ የይለፍ ወረቀት ይጽፋል፤ የታጠቀ ጥበቃና እስር ቤትም አለው። እንግዲህ አንባቢዎቼ ልብ በሉ፤ ስኳር የሚሰጠውና የሚያስረው አንድ ሲሆን፥ ሰው በስብሰባ ላይ እጁን አውጥቶ ምን ብሎ ይቃወማል? ጆሮ ጠቢው ማን እንደ ሆነ ስለማይታወቅ፥ በገበያም በጠላ ቤትም ወሬው ስለ ዝናብ ብቻ ሆነ ይላሉ አክስቴ።

በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. በቀይ ሽብር ጊዜ ነገሩ ከፋ። በመጋቢት 1969 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ቤት ለቤት አሰሳ ተደረገ። የተገደሉ ወጣቶች ሬሳ በመንገድ ይጣል ነበር፤ ወላጅ እንዳያለቅስ ይከለከል ነበር፤ ሬሳ ለመውሰድ የጥይት ዋጋ የተጠየቀም አለ። በእኛው በጎንደርም የደርግ አባል መላኩ ተፈራ ክፍለ ሀገሩን ባስተዳደሩበት ጊዜ ብዙ ወጣት አልቋል።

የአክስቴ ጎረቤት ልጅ በተገደለ ጊዜ ድንኳን አልተተከለም፤ የእድር ጥሩምባም አልተነፋም። የሰፈሩ ሴቶች ግን ሽሮ እንደሚበደር ሰው ባዶ ሳሕን እየያዙ ተራ በተራ ይገቡ ነበር። ከእናቲቱ አጠገብ ጥቂት ተቀምጠው ይወጣሉ። ልቅሶው ወደ ውጭ እንዳይሰማ የሬዲዮኑ ድምፅ ከፍ ይደረግ ነበር።

በ2002 ዓ.ም. በመስቀል አደባባይ የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም ተከፍቷል፤ የሟቾቹ ፎቶግራፍ በግድግዳው ላይ ተደርድሯል። የዚያ ልጅ እናት ግን ከዚያ በፊት ዐርፈዋል።