የዱር አራዊትን በፊልም ማንሣትና መጠበቅ

«በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል» ይላሉ አባቶቻችን። እኔም የውጫሌ ልጅ ስሆን፥ በአምባሰል ገደል አፋፍ የገብስ ማሳችንን ስጠብቅ ጭላዳ ዝንጀሮን የማውቀው በወንጭፍ ነበር። አንድ ፊልም ካየሁ በኋላ ግን ወንጭፌን ጣልሁ።

ፊልሙ ቢቢሲ እ.ኤ.አ. በ2006 «ፕላኔት ኧርዝ» በሚል ስም ካቀረባቸው ክፍሎች ስለ ተራሮች የሚናገረው ነው። የሰሜን ተራሮች ጭላዳና ዋልያ ይታዩበታል። ተራኪው በ1926 የተወለዱት ሰር ዴቪድ አተንቦሮ ናቸው፤ እኒህ ሰው በ1979 በወጣው «ላይፍ ኦን ኧርዝ» በሩዋንዳ ተራራ ከጎሪላዎች መካከል ተቀምጠው ታይተዋል።

የፊልም አንሺ ሥራ ከካሜራ በፊት በዕውቀት ይጀምራል። ጭላዳ ሌሊት በገደል ያድራል፤ ሲነጋ ወደ ሜዳው ይወጣል። ስለዚህ ሲወጣ ሊያነሣው የሚሻ ሰው ፀሐይ ሳትወጣ አፋፉ ላይ ተገኝቶ፥ ብርዱን ችሎ፥ እንስሳውን ሳያስደነግጥ መጠበቅ አለበት። ከዝንጀሮ ወገን ሁሉ ኑሮውን በሣር ላይ የመሠረተ ጭላዳ ብቻ ነው። ገብስም የሣር ወገን ነውና፥ ሜዳው ሲታረስበት ወደ ማሳችን መምጣቱ ከክፋት አይደለም።

ይሁን እንጂ ፊልም ብቻውን አራዊትን አይጠብቅም። የሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ እ.ኤ.አ. በ1978 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ሆኖ ተመዘገበ፤ እርሻና ግጦሽ ስለ በዛበት በ1996 በአደጋ ላይ ካሉት ቅርሶች ተቈጠረ፤ ከዚያ መዝገብ የወጣው በ2017 ነው። ለዚህም የግጭ መንደር ሰዎች ቤታቸውንና መሬታቸውን ለቀው ወደ ደባርቅ ሄደዋል። እኔ ባየሁት ፊልም ውስጥ ግን ገበሬ አልነበረም።

ይህን ሁሉ ለአባቴ በነገርሁት ጊዜ ዝም ብሎ ሰማኝና፥ «መልካም፤ የተበላውን ገብስ ማን ይከፍለናል?» አለኝ። መልስ አጣሁ። አሁን በወንጭፍ ፈንታ በጩኸት እጠብቃለሁ፤ ድምፄ ይዘጋል፥ ገብሱም ጥቂት ይጐድላል።

እንግዲህ ውድ አንባቢዎቼ፥ አራዊትን መጠበቅ የአባቴን ጥያቄ ሳይመልስ ሊጸና አይችልም። ከእኛ መካከል አንዱ ካሜራ ቢይዝ፥ ጭላዳውን ከማሳ ጠባቂው ልጅ ጋር አንድ ላይ እንዲያነሣ እመኛለሁ።